የሀያት አሥራ አንድ ሰዎች

ባለፈው ወር ስልኬ አልደውል ቢለኝ ገበያው ዳር ወዳለው ጠጋኝ ወሰድኩት። ጠጋኙ በጋለ ብረት ቆርቆሮ እያቀለጠ ሽቦ ሲያያይዝ ጭሱ ወደ እኔ መጣ። መረር ያለ፣ ምላስ ላይ የሚቀር ሽታ ነው። ደጁ ላይ ያለችው ዱካ ላይ ተቀመጥኩ። «ምነው እማማ፣ አመመዎት?» አለኝ። ደህና ነኝ አልኩት፤ ደህናም ነበርኩ። ብቻ ሽታው አንድ ክረምት አስታወሰኝና የሰውዬውን እጅ እያየሁ ቆየሁ።

የማስታውሰው የራሴን ልጅነት አይደለም። የእኔ በንጉሡ ጊዜ ያለፈ ነው፤ ብዙ የሚጻፍ ነገር የለውም። ይህ የልጅ ልጄ የሀያት ልጅነት ነው፤ ከዚያም ውስጥ አንድ ክረምት ብቻ፣ ስምንት ዓመት የሞላት ጊዜ። እሷ አሁን አብዛኛውን ረስታዋለች። እኔ አልረሳሁትም።

ያኔ መካነ ሰላም ከተማ ከወረዳው ፍርድ ቤት መዝገብ ቤት ጡረታ ከወጣሁ ሁለት ዓመቴ ነበር። ቤቱ ውስጥ ሦስት ሴቶች ነበርን፤ እኔ፣ የልጄ ሚስት ዘሀራ፣ እና ልጃቸው ሀያት። ልጄ ጀማል ዓረብ አገር ከሄደ አራት ዓመት አልፎት ነበር። በየጁምዓው ይደውል ነበር። ኅዳር ላይ አንድ ጁምዓ ሳይደውል ቀረ፤ የሚቀጥለውም እንዲሁ። በጥር አብሮት ይሠራ የነበረ አንድ የአቀስታ ሰው ተጠርዞ መጣና ቤታችን ድረስ ደርሶ ነገረን። ጀማል የተሻለ ሥራ አለ ተብሎ ከስድስት ሰዎች ጋር በበረሃ በኩል ወደ ሌላ ከተማ ተነሥቶ ነበር። አልደረሱም። ሰውዬው የሚያውቀው ይህን ያህል ነው። የቀረበለትን ሳይነካ ተነሥቶ ሄደ።

የሟቹ ባለቤቴ ወንድም ሼህ እንድሪስ ጎረቤታችን ናቸው፤ ለሰፈሩ ልጆች ቁርአን ያቀራሉ። በግንቦት መጥተው በሩ አጠገብ ተቀመጡ።

«ከድጃ፣ ስድስት ወር ሆነ» አሉ። «ሬሳ ባይኖርም ሶላት አለው። እንስገድለት፣ ሶደቃውንም እናውጣለት። ዘሀራም ባል እንደሞተባት ዒዳዋን ትቁጠር። አራት ወር ከአሥር ቀን ነው፤ ከዚያ በኋላ የራሷ ሰው ናት። እስከ መቼ ተንጠልጥላ ትቀመጣለች?»

«አልሞተም አላልኩም» አልኳቸው። «ሞቷል ለማለት ግን ያየ ሰው ይምጣ።»

«ያየ ሰው ከሌለስ?»

«ሠላሳ ዓመት መዝገብ ቤት ሠርቻለሁ፣ ሼህ እንድሪስ። ምስክር ያልቀረበበት ፋይል ዘግቼ አላውቅም።»

ጢማቸውን ዳበሱ። «እናት ሳታምን ሶደቃ አላወጣም» አሉና ተነሡ። «ግን አስቢበት።»

ዘሀራ ከጓዳ ሆና ሁሉንም ሰምታ ነበር። ማታ ሳህን እያጠበች፣ ዞር ሳትል፣ «እኔ አልቸኮልኩም፣ እምዬ» አለችኝ። «ብቻ ሰው ባልሽስ ሲለኝ ምን እንደምመልስ አላውቅም።» መብራቱን አስተካከልኩ።

ጀማል ስልኩን ለሀያት የላከው ከመጥፋቱ በፊት በነበረው ዓመት ነው። ለራሱ ሌላ ገዝቶ፣ የድሮው ለልጁ ይሁን ብሎ በተመላሽ ሰው እጅ ላከው። ጥቁር ነው፤ አንዱ ጥጉ ተሰንጥቋል፤ የሚጻፍበት ፊደል እንግሊዝኛና ዓረብኛ ነበር። ከጠፋ በኋላ ሀያት በየጁምዓው በዚያ ስልክ ወደ አባቷ ትደውላለች። ቁጥሩ ሲደወል አንዲት ሴት በተቀዳ ድምፅ በዓረብኛ ትናገራለች፤ ስልኩ ዝግ ነው ማለቷ መሰለኝ። ሀያት ግን ሴትየዋን ቁጭ ያለች ሰው አድርጋ ነበር የያዘቻት።

«አሰላሙ አለይኩም» ትላታለች፣ ለትልቅ ሰው እንደሚባለው ረጋ ብላ። «አባቴን ጥሪልኝ እስኪ።»

ሴትየዋ ያንኑ ትደግማለች። ሀያት የስልኩን አፍ በእጇ ሸፍና ወደ እኔ ዞር ትልና «ሥራ ላይ ነው ትላለች» ትለኛለች።

አላረምኳትም። አንድ ጁምዓ ስልኩን ከጆሮዋ አንሥታ፣ «ዛሬ ድምጿ ደክሟታል» አለችኝ። ተቀብያት ሰማሁ። እኔም የደከመ መሰለኝ።

የጨዋታውን ነገር ያወቅሁት ሰኔ መጨረሻ፣ ትምህርት ቤት ከተዘጋ በኋላ ነው። መደብ ላይ ጋቢ ተከናንባ ስልኩ ላይ አጎንብሳ አየኋት።

«ምንድን ነው እሱ?»

«ካርድ ነው፣ እምዬ።»

«ቁማር ጀመርሽ?»

«ኧረ አይደለም። ሰዎች ናቸው።»

ጠጋ ብዬ አየሁ። አረንጓዴ ሜዳ ላይ አሥራ አንድ ካርዶች ተደርድረዋል። እያንዳንዱ ላይ የአንድ ሰው ፊት አለ፤ ከፊቱ በላይ ቁጥር፣ ከጎኑ ባንዲራ። የኳስ ተጫዋቾች ናቸው። ስልኩ ሲመጣ ውስጡ ነበሩ አለችኝ። ሲጀመር ለማንም ሰው ደካሞቹን ይሰጡታል፤ እነሱ ነሐስ ናቸው። ተጫውቶ ሲያሸንፍ እሽግ ያገኛል፤ እሽጉ ሲከፈት አዲስ ሰው ይወጣል። ከነሐሱ ብር ይሻላል፣ ከብሩ ወርቅ። እንዲህ እያጠራቀሙ ቡድን መሥራት ነው። ዘሀራ አልፎ አልፎ የምትገዛላትን የስልክ ካርድ በጥፍሯ ፍቃ ቁጥሩን ስታስገባ፣ ሰዎቹ ከዚያ ካርድ ውስጥ ወደ ስልኩ የሚገቡ ይመስላት ነበር። የተፋቁትን ካርዶች አትጥልም፤ ባዶ የዘይት ጣሳ ውስጥ ታስቀምጣቸዋለች። «ቤታቸው ነው» ትላለች።

የእንግሊዝኛ ፊደል አጥርታ ስለማታነብ ስም ያወጣችላቸው ራሷ ናት። ጢማሙ፣ ሹሩቤው፣ ኩርፈኛው፣ ሽማግሌው፣ መንታዎቹ። በረኛውን ለምን እንደሆነ አላውቅም አያ ሙሄ ብላዋለች። በላያቸው ያለውን ቁጥር ዕድሜያቸው አድርጋ ነበር የያዘችው። ሃምሳ ሁለት የተጻፈበት የሃምሳ ሁለት ዓመት ሰው ነው። ሰማንያ ስድስት የሆነ የወርቅ ካርድ ያለው ሰው ከሁሉም ይበልጥ ይሮጣል።

«እዚያ አገር ሰው ሲያረጅ ነው የሚበረታው» አለችኝ።

«እኔ ስልሳ ሁለት ነኝ። ታሰልፊኛለሽ?»

አስባ፣ «ተቀያሪ ትሆኛለሽ» አለች።

በካርዶቹ መሃል መስመሮች አሉ። የአንድ አገር ሰዎች ወይም ባንድ ቡድን የሚጫወቱ ጎን ለጎን ሲቆሙ መስመሩ አረንጓዴ ይሆናል፤ የማይተዋወቁ ሲሆኑ ይቀላል። ቀዩ ከበዛ ቡድኑ ይደክማል። ሀያት ዝምድናና ኩርፊያ ነው አለችኝ። እኔ ዕድሜዬን ሙሉ ሰው ለዱዓ ሲጠራ ማን ከማን ጎን እንደሚቀመጥ ሳስብ የኖርኩ ሰው ነኝ፤ የመሬት ክርክር ያለባቸው አይጎራበቱም፣ አማች ከአማች ፊት ለፊት አይሆንም። ስለዚህ ሳላስበው እጄን ዘርግቼ፣ «ሽማግሌውን እዚህ አምጪው። ለሁለቱም ወገን ዘመድ ነው» አልኳት። አመጣችው። ሁለት ቀይ መስመሮች አረንጓዴ ሆኑ። ከዚያ ቀን ጀምሮ አጠገቧ መቀመጥ ለመድኩ።

እሽግ ሲከፈት መጀመሪያ ስልኩ ይጨልማል። ከጨለማው ውስጥ ባንዲራ ይመጣል፤ ቀጥሎ የሚቆምበት ቦታ ይጻፋል፤ ፊቱ መጨረሻ ነው። ሰው ከጨለማ ቤት ወደ ደጃፍ ብቅ ሲል እንደሚታየው ነው። ባንዲራው እስኪወጣ ትንፋሼን እንደምይዝ ያወቅሁት ሀያት «አትጨነቂ፣ ይመጣል» ስትለኝ ነው። የእኛ አገር ባንዲራ አንድም ቀን አልወጣም። ማን ይወጣል ብዬ እንደምጠብቅ ለራሴም አልነገርኩትም።

አንድ ነገር ግን አልወደድኩም። ሦስት ደካሞች የሰጠ አንድ የተሻለ ይቀበላል።

«የሰጠሻቸው የት ይሄዳሉ?» አልኳት።

«ይሄዳሉ።»

«ወዴት?»

ትከሻዋን ነቀነቀች። «አይመለሱም። አንዱን ፈልጌው አጣሁት።» ስልኩን ወደ ራሷ ስባ፣ «ፊቱ ግን ትዝ ይለኛል» አለች።

ቤታችን ውስጥ ኔትወርክ ይቆራረጥ ነበር። በደንብ የሚይዘው ከሰፈሩ በላይ፣ በእስላም መቃብር አጥር ሥር ነው፤ ቦታው ከፍ ይላል። ዘመድ ውጭ አገር ያለው ሁሉ እዚያ ወጥቶ ከድንጋዩ ካብ ተደግፎ ያወራል። በክረምት ከሸለቆው ጉም ይነሣና አጥሩም፣ ባሕር ዛፉም፣ የሚያወሩትም ሰዎች ይጠፋሉ፤ ድምፃቸው ብቻ ይሰማል። ከየት እንደሆነ ግን አይለይም።

ሐምሌ ላይ አንድ ጠዋት ሀያት ቆየችብኝና ልጠራት ወጣሁ። ጉሙ ከባድ ነበር። እሷን ከማየቴ በፊት ድምጿን ሰማሁት። ቆጣ ብላ፣ እንደ ትልቅ ሰው ታናግራለች።

«ተው። እሱን አታውጣው አልኩህ እኮ።»

ቆምኩ። መልስ የሚሰጣት የለም። ጥቂት እርምጃ ስሄድ የስልኩ ብርሃን ከታች ፊቷን አብርቶት አየሁ። ብቻዋን ናት።

«ማንን ነው የምታናግሪ?»

«ሌላውን።»

«የቱን ሌላ?»

«የሚያሰልፈውን» አለች፣ የማውቀው ይመስል። ማታ እሷ አሰልፋ ትተኛለች፤ ጠዋት ስትከፍተው ሰዎቹ ተዛውረዋል። ጢማሙን ሁልጊዜ አውጥቶ ወንበር ላይ ያስቀምጠዋል፤ እሷ ትመልሰዋለች፤ እሱ ደግሞ ያወጣዋል። እሷ ከፍታ የማታውቃቸውን ሰዎችም ያመጣል። «ትናንት ሁለት ወርቅ ጨምሮልኛል» አለች። «ክፉ አይደለም። ጢማሙን ነው የማይወደው።»

ልጅ ናት፣ ያደረገችውን ትረሳለች ብዬ አሰብኩ። ግን የለመድኩት ሥራ አልለቀቀኝም። በዚያው ቀን አሥራ አንዱን ሰዎች ማን የት እንደቆመ ደብተር ላይ ጻፍኩ፤ በረኛ አያ ሙሄ፣ በስተቀኝ ኩርፈኛው፣ መሃል ሽማግሌው እያልኩ። ስልኩን አጥፍቼ ልብስ ሳጥኔ ውስጥ ቆለፍኩበት። ቁልፉን አንገቴ ላይ አሰርኩት። በማግስቱ ሁለታችን ወጥተን አጥሩ ሥር ከፈትነው። ኩርፈኛው በግራ ነበር። ጢማሙ ወንበር ላይ ነበር። አያ ሙሄ የቆመበት ቦታ አንድ አይቼው የማላውቅ ሰው ቆሞ ፊት ለፊት ያየኛል።

ደብተሩን ሁለት ጊዜ አመሳከርኩ። ሳጥኑን የነካ ሰው የለም። ሀያት ቀና ብላ አየችኝ። «አልኩሽ» አለች።

ለአራት ቀን እንዲሁ አደረግሁ። አራቱንም ቀን ተዛውረው አገኘኋቸው። ዘሀራ ደብተሩን ስታይ ጊዜ እጇን ወደ ደረቷ ሰበሰበች።

«መቃብር ሥር እየወሰድሽ የምታስከፍቻት አንቺ ነሽ፣ እምዬ» አለች። «እዚያ የማይታይ ነገር አይጠፋም። ስልኩን ከቤቴ አውጪልኝ።»

«አባቷ የላከው ነው።»

«ስለዚህ ነው የምፈራው» አለች።

ስልኩን አላወጣሁም። እውነቱን ለመናገር እኔም ፈርቼ ነበር፤ ግን ፍርሃቴ የእሷን አይመስልም። ጠዋት ጠዋት ከሀያት ቀድሜ መነሣት ጀምሬ ነበር። በዚያ ሜዳ ላይ የሆነ ሰው እየመጣ ይሄዳል፤ ማን እንደሆነ ሳላውቅ በሩን መዝጋት አልፈለግሁም።

ነሐሴ እንደገባ፣ ቀትር ላይ፣ ሁለታችንም እያየን ሳለን ሜዳው ደብዝዞ አንድ ሳጥን ጽሑፍ መጣና ጨዋታው ተዘጋ።

«አስወጣኝ» አለች ሀያት፣ ሳትደነግጥ። «እሱ ሲገባ እኔ እወጣለሁ። እኔ ስገባ እሱ ይወጣል።»

«ከዚህ በፊትም ያስወጣሽ ነበር?»

«አዎ። ኔትወርክ ነው ብላኛለች እማዬ።»

ደግመን ስንሞክር ጽሑፉ እንደገና መጣ። የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት እንግሊዝኛዬ ቃላቱን ለየብቻ ያነባቸዋል፤ አንድ ላይ የሚሉትን ግን ማመን አልቻልኩም። ፊደል በፊደል ደብተሩ ላይ ገለበጥኩትና ወደ ስልክ ጠጋኙ ወረድኩ። ቆርቆሮ እያቀለጠ ነበር። ብረቱን ሳያስቀምጥ አነበበው።

«በዚሁ ስም ሌላ ስልክ ላይ ሰው ገብቷል ነው የሚለው።»

«ምን ማለት ነው?»

«ጨዋታው የተከፈተው በአንድ ሰው ስም ነው። ያ ሰው ሁለት ስልክ ካለው በሁለቱም ይገባል፤ ቡድኑ አንድ ነው። ባንድ ጊዜ ግን ለአንዱ ብቻ ነው የሚሠራ። መጀመሪያ ማን ነበር የከፈተው?»

«ልጄ። ዓረብ አገር ሆኖ።»

«ሌላ ስልክ ገዝቶ ነበር?»

«ገዝቶ ነበር።»

«እንግዲህ እዚያኛው ስልክ ላይ ነዋ።»

ጭሱ በመካከላችን ቆሟል። «በስልክ ሲደወል ዝግ ነው የሚል» አልኩት።

«ሲሙ ወጥቶ ይሆናል። ሲሙ ከወጣ በቁጥሩ አይገኝም፣ እሱ ላይ የተመዘገቡ የሰው ቁጥሮችም አብረው ይሄዳሉ። ጨዋታው ግን ሲም አይፈልግም፤ ኢንተርኔት ካገኘ ይሠራል።»

«ስለዚህ የሚጫወተው ልጄ ነው?»

ያን ጊዜ ነው ብረቱን ያስቀመጠው። «የልጅዎ ስልክ ነው፣ እማማ» አለ። «ከዚያ በላይ እኔ አላውቅም።»

ወደ ቤት ስመለስ የት እንደረገጥኩ አላውቅም። ለዘሀራ አልነገርኳትም። ተስፋ ሰጥቼ ብነጥቃትስ ብዬ ነው። ሀያትን ይዤ የሄድኩት ሼህ እንድሪስ ዘንድ ነው። የሚያቀሯቸውን ልጆች አሰናብተው የሚጻፍባቸውን የእንጨት ሉሆች እየሰበሰቡ ነበር። ሁሉንም ነገርኳቸው፤ ደብተሩንም አሳየኋቸው። መነጽራቸውን አድርገው ገጹን በሙሉ አነበቡት።

«አያ ሙሄ ማነው?»

«በረኛው ነው፣ አባ ሼህ» አለች ሀያት። «ማለፊያ ሰው ነው፣ ግን ያሳልፋል።»

«በረኛ ካሳለፈ ምኑን በረኛ ሆነ?» አሉና ደብተሩን ዘጉ። ወደ እኔ ዞሩ። «ሰው ከሆነ፣ ይጠየቃል።»

«በምን?»

ዘዴውን ያመጣችው ሀያት ናት። ከሜዳው በላይ የቡድኑ ስም የሚጻፍበት ቦታ አለ። እሷም እሱም የሚያዩት እሱን ነው። ጀማል በእንግሊዝኛ ፊደል አንድ ነገር ጽፎበት ነበር፤ መቀየር እንደሚቻል ታውቃለች። ከጠጋኙ በአማርኛ የሚጽፍ ነገር አስጭነን ብንሞክር ጨዋታው የእኛን ፊደል አልተቀበለም፤ በየፊደሉ ምትክ ትንንሽ ባዶ ሳጥኖች ደረደረ። ዓረብኛውን ግን ተቀበለ። ሼህ እንድሪስ ካቡ ሥር ካባቸውን ሰብስበው ተቀመጡ፤ በአንድ ጣታቸው፣ ሀያት እየመራቻቸው፣ ቀስ እያሉ ጻፉ። ቦታው ጥቂት ፊደል ብቻ ነው የሚይዘው።

«ምን አሉት?» አልኳቸው።

«ጀማል ነህ ወይ ነው ያልኩት። ሌላ ምን ይባላል?»

ሀያት ተጫነችው። ገባ።

በማግስቱ ጠዋት ከፈትነው። ስሙ አልተቀየረም፤ ጥያቄያችን እንዳለ ነው። ሜዳው ግን ባዶ ነበር። አሥራ አንዱም ሰዎች የሉም። በቆሙባቸው ቦታዎች የካርድ ቅርጽ ያለው ግራጫ ጥላ ብቻ ቀርቷል፤ በመካከላቸው መስመር የለም። ሀያት ወንበሩንም ፈለገች፤ እዚያም የሉም።

«ሁሉንም አወጣቸው» አለች ዝግ ባለ ድምፅ። «ጢማሙን ብቻ አይደለም።»

«አንቺ መልሻቸው።»

«አይ፣ እምዬ። እያሰበ ነው።»

ይህን ከየት እንዳመጣችው አላውቅም። ጉሙ ከበስተጀርባችን በአጥሩ ላይ ያልፍ ነበር። ስልኩን ከያዘችበት እጅ በቀር ሁሉም ነገር ነጭ ነው። ከዚያ በረሃ ወዲያ፣ የማላውቀው ቦታ ላይ፣ አንድ ሰው ተቀምጦ ያንኑ ባዶ ሜዳ እያየ እንደሆነ ተሰማኝ። ያን ያህል ቅርብ ሆኖ የተሰማኝ ሰው ከዚያ በፊት አልነበረም። የጀማል ትንፋሽ ግን አልመሰለኝም። እናት ታውቃለች ይባላል፤ እኔ የማውቀው ነገር አልነበረኝም። እዚያ ቆሜ በልቤ አንድ ነገር ብቻ ለመንኩ፤ አዎ እንዲል። ሁለተኛው ቀንም ባዶ ሆኖ ዋለ።

በሦስተኛው ቀን ዘሀራ ለአንድ ለአምስት ስብሰባ ቀበሌ ሄዳ ነበር። ሼህ እንድሪስን ይዘን ወጣን። ሀያት ከፈተችው። ሰዎቹ ተመልሰዋል፤ ሁሉም፣ ሀያት መጨረሻ ባቆመቻቸው ቦታ። ጢማሙም መሃል ላይ ቆሟል። መስመሮቹ በሙሉ አረንጓዴ ነበሩ። በላያቸው የተጻፈው ግን ተቀይሯል፤ ዓረብኛ ነው፣ አጭር።

ሼህ እንድሪስ ስልኩን ተቀበሉ። መነጽራቸው ላይ ጉም ስላረፈበት አውልቀው በጋቢያቸው ጠረጉት። አነበቡ። ደግመው አነበቡ፤ ከንፈራቸው ሲንቀሳቀስ አየሁ።

«ምን ይላል?»

ስልኩን ወደ ዓይናቸው አቀረቡት።

«ሼህ እንድሪስ፣ ምን ይላል?»

«ስሙን አላወቅነውም ነው የሚለው» አሉ።

ካቡን ያዝኩ፤ ድንጋዩ እርጥብ ነበር። ከአጥሩ ውስጥ የሆነ ሰው ሳል ሰማሁ፤ ስልክ ሊያወራ የወጣ ሰው ይሆናል። ሼህ እንድሪስ ቀስ ብለው ቀጠሉ። «የሰው እጅ ነው የገባው፣ ከድጃ። መንገደኛ ይሁን፣ ግመል ጠባቂ ይሁን፣ አላህ ያውቃል። በሕይወት ቢያገኙት ስሙን ይጠይቁት ነበር፤ ሞቶ ነው ያገኙት። አፈር አልብሰውታል። ሲቀብሩት የሚጠሩት ስም ነው ያጡት።»

«ምስክር ነው» አልኩ። ድምፄ የሌላ ሰው መሰለኝ።

«ምስክር ነው» አሉ።

ሀያት ሁለታችንንም እያፈራረቀች ታይ ነበር። ምን ያህሉን እንደተረዳች እስከ ዛሬ አላውቅም። የሼሁን እጅጌ ሳብ አደረገች።

«ካላወቁ ንገሯቸዋ» አለች።

ሼህ እንድሪስ እኔን አዩኝ። ራሴን ነቀነቅሁ። «ከነአባቱ ይሁን» አልኳቸው።

ተቀመጡና በዚያች አንድ ጣት መጻፍ ጀመሩ። የልጄ ስም ገባ፣ ከዚያ የባለቤቴ። የመጨረሻው ፊደል ሲገባ ስልኩ ሌላ አልቀበል አለ፤ ልክ ሆኖ ነው ያለቀው። ሀያት ተጫነችው። ስሙ በአሥራ አንዱ ሰዎች ላይ ቆመ።

«ሶደቃውን ሐሙስ እናድርገው» አልኩ። «ዘሀራን ዛሬ እኔ እነግራታለሁ።»

ሼህ እንድሪስ እሺ አሉ። ሀያት ስልኩን በሁለት እጇ ይዛ ጽሑፉን ታየው ነበር።

«ሐሙስ መሆኑንም ልጻፍላቸው?» አለችኝ።

ቦታው ሞልቶ ነበር።